የስለት ሥጋ

የአሚናት ኒካሕ የታሰረ ዕለት እናቷ ረሒማ ዓረብ አገር፣ ጂዛን ውስጥ፣ የሰው ቤት ጣሪያ ላይ ወጥታ ምንጣፍ ትፈትግ ነበር። ቀይ ነው፣ ወፍራም ነው፣ ውሃ ከጠጣ ለሁለት ሰው የሚከብድ ነው። ስልኩን በሻሿ ከጆሮዋ ጋር አስራው ከአገር ቤት፣ ከቢስቲማ፣ የዘመዱን ጫጫታ ትሰማለች። «እልል በይ እንጂ፣ የሙሽራዋ እናት አይደለሽ!» ሲሏት እጇን ከአረፋው ሳታወጣ ብቻዋን እልል አለች። ማዶ ጣሪያ ላይ ልብስ ታሰጣ የነበረች የሰው ቤት ሠራተኛ ዘወር ብላ አየቻትና ልብሱን ሳትጨርስ ወረደች። ያበደች መስሏት ይሆናል። ያ ምንጣፍ ዛሬም ሳሎኑ ውስጥ ተነጥፏል። ረሒማ ሻይ ይዛ በላዩ ስታልፍ ተረከዟን ጫን አድርጋ ነው የምታልፈው። ማንም ልብ ብሎ አይቷት አያውቅም።

ለልጅሽ ኒካሕ ለምን አልሄድሽም የሚላት ቢኖር መልሷ አንድ ቃል ነው፤ ተርሲም። መጀመሪያ ሰሞን ተርሲም ሰው መስሏት ነበር። ቤተሰቡ ሁሉ የሚጠብቀው፣ ቀጥሮ የሚቀር፣ ሲመጣ ግን ለሁሉም ያሻውን የሚሰጥ ትልቅ ሰው። ኋላ ገባት። የቤቱ እመቤት አብላ ኹሉድ አስተማሪ ናት፤ መንግሥት ቀጥሯት አል-ዒዳቢ፣ ተራራው ግርጌ ካለ የሴቶች ትምህርት ቤት ታስተምራለች። አዲስ ተቀጣሪ አንድ ዓመት በሙከራ ይቆያል፤ ዓመቱን ሲጨርስ «አልፈሻል፣ ከእንግዲህ ቋሚ ነሽ» የሚል ውሳኔ ይወጣለታል። እሱን ነው ተርሲም የሚሉት። እስኪወጣ ድረስ መቅረት የለ፣ ማርፈድ የለ፣ ልጄ አተኮሰው ማለት የለ። ስለዚህ ሁለቱን ሕፃናትና የባሏን እናት የሚይዝ ሰው ከቤት መታጣት የለበትም። ረሒማ ሁለት ዓመቷን ጨርሳ እረፍቷን ስትጠይቅ አብላ ኹሉድ ገና መቀጠሯ ነበር። «ተርሲሜ ይምጣ ብቻ፣ በማግስቱ አሳፍርሻለሁ» አለቻት፤ ግንባሯንም ሳመቻት።

ዓመቱ አለቀ። ተርሲሙ አልመጣም። የትምህርት ቤቱ ርዕሰ መምህርት ግምገማዋን ሳትፈርም ሌላ ከተማ ተዛውራ ሄደች። አዲሷ ደግሞ «ሥራዋን ያላየሁትን ሰው በምን አፌ አልፋለች እላለሁ?» አለች። የትምህርት ጽሕፈት ቤቱ ፊርማ የጎደለውን ወረቀት ወደ አል-ዒዳቢ መለሰ፤ አል-ዒዳቢ ወደ ጂዛን ሰደደው፤ ጂዛን «ከላይ ይጠበቃል» አለ። አብላ ኹሉድ ማታ ማታ ታለቅሳለች፤ ረሒማም የእሷን ለቅሶ እየሰማች የራሷን ታስባለች። እውነት ለመናገር ያን ጊዜ አዝናላታለች። ሁለቱም ሙከራ ላይ ያሉ ሰዎች ነበሩ። ልዩነቱ፣ አንደኛዋ ቢያንስ የሚያዘገያትን ቢሮ ታውቀዋለች።

አሁን ነገሩ ሌላ ሆኗል። አሚናት አርግዛለች፤ ወሯም ገብቷል። በወረባቦ ልማድ ሴት ልጅ የበኩሯን የምትወልደው እናቷ ቤት ነው። ባሏ ራሱ አምጥቶ ያስረክባታል፤ እናት ገንፎውን ታገነፋለች፣ ወገቧን ታስራለች፣ በር ትዘጋለች። እናት እያለቻት አማት ቤት የወለደችን ልጅ ሰው «እናቷ ጣለቻት» ይላታል፤ ስሙ ለልጅ ልጅ ይተርፋል። የአሚናት አማቾች ባቲ ናቸው። ደጎች ናቸው ይባላል። ደግ ቢሆኑም ምጥ የያዛት ልጅ አማቷ ፊት እንደ ልቧ አትጮህም። ባለፈው ጁምዓ አሚናት ደውላ «እማ፣ የት ልውለድ?» አለች። ረሒማም «አብሽሪ፣ አይዞሽ» አለቻት። ምን ይዛ አብሽሪ እንዳለቻት ራሷም አታውቅም። ላም አለኝ በሰማይ።

ሰው ቤት የኖረ ጆሮው ይረዝማል፤ ዓይኑም ይጠባል። ከጥቂት ሳምንት ወዲህ ረሒማን አንድ ነገር ይከነክናታል። አብላ ኹሉድ መታጠቢያ ቤት ገብታ ታንጎራጉራለች። ድሮ ረሒማ ቆማ እያለች ከባሏ ከሸሪፍ ጋር ስለ ኢዳራው፣ ስለ ትምህርት ጽሕፈት ቤቱ፣ ትራገም የነበረችው ሴት፣ አሁን ረሒማ ገባ ስትል ወሬዋን ወደ ልጆቹ ጫማ ታዞራለች። አንድ ቀን ረሒማ ማቀዝቀዣውን ስትከፍት በእርጥብ ጨርቅ የተጠቀለለ ነገር አገኘች፤ ፈታ አድርጋ ብታየው ፉል ነው። የሚበላው ፉል አይደለም፤ የጂዛን ሴቶች ለሠርግና ለደስታ ቀን ጠምጥመው ከፀጉራቸው ላይ የሚያስሩት፣ ሽታው ቤት የሚሞላ ነጭ አበባ ነው። ሠርግ የለ፣ ዒድ የለ። መልሳ ጠቀለለችው። ማታ አብላ ኹሉድ «እህቴ ጋ ደርሼ ልምጣ» ብላ ወጣች፤ ስትመለስ አበባው አልነበረም፤ ሽታው ግን ከአንገቷ ስር አልጠፋም።

ዛሬ ጠዋት ደግሞ ይሄ መጣ። ገና ጎህ ሲቀድ፣ አስተማሪዎቹን ወደ ተራራው የምታወጣው መኪና በር ላይ ጥሩንባ እያሰማች፣ አብላ ኹሉድ ዓባያዋን እየለበሰች ስለ ጨው የምታወራ ያህል ቀለል አድርጋ አዘዘች። በግ ጠባቂው ዘይኑ ሥጋ ያመጣል። አንዱን ፌስታል ለመስጊዱ ጠባቂ፣ አንዱን ከጀርባ ላለችው የመናዊት መበለት፣ አንዱን ጎዳና ለሚጠርጉት፣ የቀረውን ለራስሽ። «እኛ ማቀዝቀዣ ውስጥ እንዳታስገቢ። ለማማም እንዳትቀቅይ፤ ደም ግፊቷ አይፈቅድም።» ወጣች። ረሒማ የበሩን እጀታ ይዛ ቀረች። ዘንድሮ በግ የሚቀመስ አይደለም፤ ደህና፣ ሐሪ የሚሉት ዘር በግ ሺህ አምስት መቶ ሪያል ገብቷል። በዚህ ዋጋ በግ አርዶ አንድ ጉርሻ ወደ ቤቱ የማያስገባ ሰው ምን ነክቶት ነው? የደም ግፊቱ ነገርማ ቀልድ ነው። ማማ ከቢር ባለፈው ሳምንት የፍየል ጎድን ሲግጡ ማንም ስለ ደም ግፊት አላነሳም።

ማማ ከቢር የሸሪፍ እናት ናቸው። ዓይናቸው ከደከመ ቆየ፤ ጥላና ብርሃን ብቻ ይለያሉ። ረሒማ ታጥባቸዋለች፣ ፀጉራቸውን ቅባት ትቀባለች፣ ሶላት ሲሉ ወደ ቂብላው ታዞራቸዋለች። ክፍላቸው ጠባብ ነው፤ የአየር ማቀዝቀዣው ቀንም ሌትም ያጓራል፤ ግድግዳው ላይ የሟች ባላቸው ጎራዴ ተሰቅሏል፤ ከአልጋው ስር የዘምዘም ጀሪካን አለ። ልጃቸውም ምራታቸውም በቀን አንዴ ብቅ ብለው ግንባራቸውን ስመው ይወጣሉ፤ በመሃል ያለው ቀን ሁሉ የረሒማ ነው። ዛሬም ቁርስ ስታስገባላቸው የዘወትሩን ጥያቄ ጠየቁ።

«ረሒማ፣ ተርሲሙ አልመጣም?»

«አልሰማሁም፣ ማማ።»

«እኔ ሳልሞት ይምጣ እንጂ። እሱ የመጣ ቀን አንቺንም እንልክሻለን ብያለሁ። ለሸሪፍ በጆሮው ነግሬዋለሁ።»

ረሒማ የሻዩን ብርጭቆ በእጃቸው አስጨበጠቻቸውና ፊታቸውን አየች። የደበቁት ነገር የለም። እሳቸውም እንደ እሷ ጠባቂ ናቸው።

ዘይኑ የመጣው ረፋዱ ላይ ነው። የሸሪፍ በግ ጠባቂ ነው፤ ከከተማው ወጣ ብሎ ካለው በረት የመኖ መኪና ላይ ተሳፍሮ ይመጣል። የከሚሴ ሰው ነው፤ ሃምሳውን ያለፈ፣ ጺሙን በሒና የሚያቀላ፣ ወሬ ካገኘ በጉን የሚረሳ። ሁለት ትልልቅ ፌስታል አንጠልጥሎ በኩሽናው በር ገባ።

«አሰላሙ ዐለይኩም፣ የወረባቦ እመቤት!»

«ወዐለይኩም ሰላም። ድምፅህን ቀንስ፤ ማማ ከቢር አረፍ ብለዋል።»

«እሳቸው አርፈው ያውቃሉ? ባለፈው ገና ከበሩ ሳልደርስ በጠረኔ ለይተውኝ 'ፍየሉ መጣ' አሉ። ሰው አይሉኝም እኮ።»

ረሒማ አልሳቀችም። ፌስታሉን ገበታው ላይ ዘርግፋ ቢላ አንስታ ሥጋውን ማገላበጥ ያዘች። ታፋው አለ። ጎድኑ አለ። ራሱና እግሩም አለ። ከስር እጇ አንድ ለስላሳ ነገር ነካ፤ አወጣችው። ጉበቱ ነው፤ ምንም ያልተቆረሰለት፣ ሙሉ። ሸሪፍ በግ ባሳረደ ቁጥር ሌላው ሥጋ እስኪቆራረጥ እንኳ አይታገስም፤ ጉበቱን ቆሞ በሽንኩርት አስጠብሶ ነው ወደ ሥራ የሚሄደው።

«ዘይኑ፣ ጉበቱ ምን ሊሠራ መጣ?»

«ለምትሰጫቸው ነዋ።»

«ይሄ የስለት በግ ነው።»

«እሱንስ ጉበቱ ራሱ ነገረሽ፤ እኔ ምን ልጨምር? የስለትን ሥጋ ባለስለቱ አይቀምሰውም።» ወደ በሩ ዘወር አለ። «ያላ፣ እታለም፣ መኪናው ትቶኝ ይሄዳል።»

«የምን ስለት ነው?»

«እኔ በግ አራጅ ነኝ እንጂ ሰው አራጅ አይደለሁም። ምን አውቄ?»

«አንተ? የምን ስለት እንደሆነ ሳይነገርህ ቢላ ታነሳለህ? ስሙ ያልተጠራ ስለት ከገበያ ሥጋ አይለይም ስትል የኖርክ ሰው?» ዘይኑ ጺሙን ያዘ። ያለችው እውነት ነው። በዚህ ነገር ድርድር አያውቅም፤ ባለፈው ዓመት ሸሪፍን ራሱን ፀሐይ ላይ አቁሞ፣ የምን እንደሆነ ካልነገርከኝ አላርድም ብሎ ነበር።

«እታለም፣ አስምለውኛል፤ ወላሂ አስብለውኛል።»

«ምን ብለህ ነው የማልከው?»

«እንዳልናገር።»

«ለማን?»

ዘይኑ የገበታውን ጠርዝ በአውራ ጣቱ ፋቀ። «ለአንቺ።»

«በስሜ? 'ለረሒማ እንዳትናገር' ተብሎ?»

«በስምሽ። ሌላ ሰው አልጠሩም።»

ረሒማ ቢላዋን አስቀመጠች። እስከዚህ ቃል ድረስ ጥርጣሬዋ ጥርጣሬ ብቻ ነበር፤ ሌሊት መጥቶ ጠዋት የሚያሳፍር። ምናልባት ክፉ ሆኜ ነው፣ ምናልባት የሰው ቤት አጥብቦኝ ነው ትል ነበር። አሁን ግን ነገሩ ስም አገኘ፤ ስሙም የእሷው ሆነ። ሰው ከጎረቤት ይደብቃል፣ ከምቀኛ ይደብቃል፤ በስም ጠርቶ የሚደብቅብህ ግን ዕዳ ያለበት ነው።

«እሺ። መሐላህን አታፍርስ። እኔ ልናገር፤ አንተ ዝም በል። ውሸት ከሆነ ብቻ 'ውሸት' በለኝ። ይሄ መሐላ አይነካም።»

«አይ ረሒማ…»

«የአብላ ኹሉድ ተርሲም መጥቷል።»

ዘይኑ ዝም አለ። ውጭ መኪናው ጥሩንባውን ነፋ።

«ከመጣ ሰነበተ።»

ዝም።

«ከረመዳን በፊት ነው የመጣው።»

«እሱስ ውሸት ነው! ከዒድ ወዲህ ነው» አለና አፉን በሁለት እጁ ያዘ። ከዚያ ሁለቱም፣ ሳቅ ባልሆነ ሳቅ፣ ትንሽ ተነፈሱ። «አላህ ይቅር ይበለኝ። ምላሴን በዚያ ቢላ መቁረጥ ነበር» እያለ ወጣ። ከበሩ ላይ ግን ተመለሰ። «ተቆጥተሽ ምንም እንዳታደርጊ። እነሱ መንግሥታቸው አላቸው፤ እኛ ማን አለን?»

ረሒማ ሥጋውን መቆራረጥ ጀመረች። እጇ ሥራውን ያውቀዋል፤ ልቧ ሌላ ጋ ነው። ከዒድ ወዲህ! የአሚናት ወር ሳይገባ እሷ ደርሳ ቤቱን ባጸዳች፣ ገብሱን ባስፈጨች፣ ቅቤውን ባነጠረች። ለአብላ ኹሉድ ብትነግራት ታለቅሳለች፤ ግንባሯን ትስማታለች፤ «ቡክራ፣ ነገ» ትላታለች። የዚያች ሴት ቡክራ ከልጇ ኒካሕ ተርፎ ለልጅ ልጇ ደርሷል። ለሸሪፍ ብትነግረው «መዳምን ጠይቂ» ይላል። የመውጫ ፈቃዷ በእሱ እጅ ነው፤ ከፊሏ፣ ያስመጣት ዋሷ፣ እሱ ነው። ሸሪፍ ክፉ ሰው አይደለም፤ ክፉ ቢሆን ይሻል ነበር፤ ከክፉ ሰው ጋር ሰው ይጣላል። እሱ ግን ፈገግ ይላል፣ ኢንሻ አላህ ይላል፣ መኪናውን አስነስቶ ወደ ጂዛን ኢኮኖሚክ ሲቲ ይሄዳል፤ እዚያ የነዳጅ ማጣሪያው ላይ በፈረቃ ይሠራል። በዚህ ቤት ውስጥ ሸሪፍ አይሆንም የማይላቸው አንድ ሰው ብቻ አሉ። እሳቸውም በዚያች ጠባብ ክፍል ውስጥ ስለ ተርሲም ዱዓ እያደረጉ ነው።

ፌስታሎቹን አደረሰች። መበለቷ «በምን ደስታ ነው?» ስትላት «አልነገሩኝም» አለች። ተመልሳ እጇን በሎሚ ታጠበች፣ ሻሿን አስተካክላ አሰረች፣ የማማ ከቢርን በር ሳታንኳኳ ገፋችው። ዘይኑ ተሳስቶ ቢሆንስ? ሌላ ስለት ቢሆንስ? የሐሰት ምሥራች የተናገረች ሠራተኛ በዚያው ቀን ሻንጣዋ ከበር ውጭ ይቀመጣል። ግን ያ ጉበት ሙሉ ነበር። ያ ሰው በስሟ ምሏል። ገባች።

በዚህ አገር የምሥራች የያዘ ሰው አፉን ከመክፈቱ በፊት «ቢሻራዬን» ይላል። ሰሚው የጠየቅሽውን እሰጣለሁ ብሎ ካልማለ ወሬው አይወጣም። ወሎ ውስጥ «የምሥራች» ሲባል «ምስር ብላ» ተብሎ እዚያው ላይ ያልቃል። እዚህ ግን ቢሻራ ዕዳ ነው፤ ያስቀረው ሰው ደስታው አይባረክለትም ይላሉ። የመጀመሪያው የልጅ ልጅ የተወለደ ጊዜ ዜናውን ይዛ የሮጠችው የጎረቤት ልጅ የማማ ከቢርን የጆሮ ወርቅ ይዛ ነው የወጣችው።

«ማማ፣ ቢሻራዬን።»

አሮጊቷ መቁጠሪያቸውን አቆሙ። ደካማ ዓይናቸው ወደ ድምፁ ዞረ። «ምን ይዘሻል?»

«መጀመሪያ ይማሉልኝ።»

«ኧረ ይቺ! አምባሩን ፈልገሽ ነው?» ሳቁና እጃቸውን አነሱ። «ወላሂል ዐዚም፣ የጠየቅሽውን። ተናገሪ።»

«የአብላ ኹሉድ ተርሲም መጥቷል።»

ማማ ከቢር ጥርስ የሌለው አፋቸውን ከፍተው ከጉሮሯቸው አንድ እልልታ አወጡ፤ ተንቀጥቅጦ መሃል ላይ ቀረ። አለቀሱ፣ አመሰገኑ፣ የረሒማን እጅ ይዘው ነቀነቁት። «መቼ? አሁን ነው የደወለችው? ከትምህርት ቤት?»

«አይ ማማ። ከዒድ ወዲህ ነው የመጣው።»

እጃቸው ቆመ። ረሒማ ለዚህ አልተዘጋጀችም ነበር። ስትገባ የራሷን ቁስል ብቻ ነበር የያዘችው፤ የሌላ ሰው ቁስል ላይ እንደምትረግጥ አላሰበችም። ማቀዝቀዣው አጓራ።

«ማን ነገረሽ?»

«የስለቱ በግ ሥጋ መጣ፤ ከቤታችሁ ሰው ማንም እንዳይቀምስ ተባለ። ለእርስዎም እንዳልቀቅል።»

«ስልኬን አምጪ» አሉ።

ረሒማ ደወለችላቸውና ድምፁን ከፍ አድርጋ አልጋው ላይ አኖረችው፤ እሳቸውም እጇን ያዙ። ከሸሪፍ ድምፅ በፊት የማሽን ጩኸት ገባ።

«ዩማ፣ ደህና ነሽ? ሥራ ላይ ነኝ።»

«ተርሲሙ መጣ ወይ፣ ልጄ?»

«…መጣ። ኹሉድ የሰው ዐይን ፈርታ ነው፣ ዩማ። ስንት ዓመት የዘገየ ነገር ነው። ጎረቤቱ አለ፣ ያልተሳካላቸው ባልደረቦቿ አሉ…»

«እኔ ከየትኞቹ ነኝ? ከጎረቤቱ ነኝ ከባልደረቦቿ?»

«አንቺማ ደስታሽን አትችይውም፤ ለመንደሩ ትናገሪያለሽ ብለን ነው።»

«እናገር ነበር። በጣሪያ ላይ ወጥቼ ነበር የምናገረው።» ትንፋሻቸውን ሰበሰቡ። «ረሒማ ናት ያበሰረችኝ። ቢሻራ ምያለሁ። ጠይቂ፣ ረሒማ።»

«ጉዞዬን» አለች ረሒማ።

ሸሪፍ ወዲያው መለሰ፤ አዘጋጅቶ የቆየ ሰው ይመስላል። «እንዴ፣ እሷማ ትሄዳለች! ማን ከለከላት? ኹሉድ ከተራራው ወደ ጂዛን ዝውውር ጠይቃለች፤ ነቅሏ፣ የዝውውሩ ውሳኔ፣ እስኪወጣ ብቻ ነው። ቢበዛ አንድ ዓመት ቢፈጅ…»

ረሒማ ስልኩን አየችው። ተርሲም ሄደ፣ ነቅል መጣ። ከነቅል በኋላ ደግሞ ሌላ ይመጣል፤ እርግዝና ይመጣል፣ አዲስ ቤት ይመጣል፣ የልጆቹ ትምህርት ቤት ይመጣል። መንግሥት አብላ ኹሉድን አዘገያት፤ ጨረሰላት። እሷን የሚያዘገያት ግን ቢሮም የለው፣ ማኅተምም የለው፤ ፈገግ ይላል፣ ያልቃል የሚባልም አይደለም።

«ምያለሁ አልኩህ» አሉ ማማ ከቢር።

«እሺ፣ ዩማ። እሺ። ማታ ስመጣ…»

«አሁን። ፈቃዱን በስልክህ አይደለም የምትሠራው? ስልኩን ሳትዘጋ።»

ሸሪፍ ለራሱ አንድ ነገር አጉረመረመ። ከዚያ፣ «ሄዶ መመለስ ነው ወይስ ኒሃኢ?» አለ።

ረሒማ ወደዚህ ክፍል ስትገባ ያሰበችው ሄዶ መመለስ ነበር። ልጇን አርሳ፣ አርባዋን አስወጥታ፣ መመለስ። አሮጊቷን አየቻቸው። ትናንት የቀባችው ፀጉራቸው ላይ ቅባቱ ያበራል። እሷ ከሄደች ማን ወደ ቂብላው እንደሚያዞራቸው አታውቅም። ይህን ቤት ለቅቃ ለመሄድ የሚከብዳት አንድ ነገር ቢኖር ይሄው ነው፤ እነሱም ይህን አውቀው እንደኖሩ ጠርጥራለች።

«ኒሃኢ» አለች። «የመጨረሻ። ላልመለስ።»

ማማ ከቢር የያዙትን እጇን ለቀቁት። የለቀቁት መልሰው ለመያዝ ነበር፤ ግን አልያዙትም። ሸሪፍ ከወዲያ «ዩማ? ሰማሽ? ኒሃኢ እያለች ነው። አንቺን ማን ይይዝሻል?» ይላል። አሁን ሌላ አንድ ቃል ከአፏ ከወጣ እንደምትሸነፍ ረሒማ ታውቃለች።

«ምያለሁ» አሉ አሮጊቷ፤ በዚህ ጊዜ በጣም ቀስ ብለው። «ጻፍላት።»

ማሽኑን እየሰሙ ጠበቁ። የረሒማ ስልክ በኪሷ ውስጥ ተንቀጠቀጠ። ያዘገያት ነገር ሁሉ ይሄን ያህል አጭር ነበር። አወጣችውና አየችው፤ ዓረብኛ ነው፤ እሷ ደግሞ ዓረብኛን በአፏ እንጂ በዓይኗ አታውቀውም። ማማ ከቢርም አያዩም። «ጻፈልሽ?» አሏት። «አንድ ነገር ጽፏል» አለች። ሰውየው የፈለገውን ጽፎ ሊሆን ይችላል። ሄዶ መመለስ ብሎም፣ ነገ እንነጋገር ብሎም። ጎንበስ ብላ የማማ ከቢርን ግንባር ሳመች። እሳቸውም ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዞሩ፤ የተቆጡ መስለው እያለቀሱ።

አብላ ኹሉድ ከቀትር በኋላ የተራራውን አቧራ በጫማዋ ይዛ ስትገባ ረሒማ መግቢያው ላይ ቆማ ጠበቀቻት። ምሳ አላቀረበችም። ስልኩን ዘረጋችላት።

«አብላ፣ አንብቢልኝ።»

«ምንድነው? ቆይ ልግባና…» ዓይኗ ጽሑፉ ላይ አረፈ፤ ቦርሳዋም ከትከሻዋ ተንሸራተተ። በልቧ ስታነብ ከንፈሯ ይንቀሳቀስ ነበር። «ማን… ሸሪፍ ነው? ረሒማ፣ ዐይን ፈርተን ነው፣ ወላሂ። ልነግርሽ ነበር። አንቺን ከእህቴ ለይቼ አላይሽም…»

«እህትሽስ ፉሉን ካንቺ ጋር አስራለች። በድምፅ አንብቢልኝ።»

አብላ ኹሉድ ክፍል ውስጥ ተማሪዎቿ ፊት እንደቆመች ጉሮሮዋን ጠረገች። የረሒማን ስም አነበበች፤ የአባቷን ስም አነበበች። ረሒማ ስልኩን አልነበረም የምታየው፤ አንባቢዋን ነበር። ይህች ሴት ደስታዋን ሳምንታት ደብቃለች፤ ፊቷንም ድምፅዋንም መያዝ ትችላለች። የፈለገችውን አንብባ ማለፍ ትችላለች። «ኹሩጅ…» አለች፣ መውጫ ማለቷ ነው፤ «…ኒሃኢ» ስትል ግን ድምፅዋ መሃል ላይ ተሰበረ።

«ድገሚው» አለች ረሒማ።

ደገመችው። በዚያው ቦታ ላይ ዳግመኛ ተሰበረ። ረሒማ ያን ጊዜ አመነች። ስልኩን ከእጇ ወሰደች፤ መግቢያው ላይ እንደቆመች፣ አብላ ኹሉድ እያየቻት ወደ አገር ቤት ደወለች። ብዙ ጠራ።

«አሚናት፣ እናትሽ ነኝ። ከባቲ ተነሺ። ባልሽ ዛሬውኑ ያምጣሽ። የቤታችን ቁልፍ አክስትሽ ጋ ነው፤ ከፍተሽ አናፍሺው፤ እየመጣሁ ነው።»